የሕያው ሰው ተዝካር

ሻኪሶ አካባቢ ወርቅ እንዲቆፍሩ በሰንሰለት ታስረው በካሚዮን የመጡ እስረኞችን ታሪክ መሰብሰብ የጀመርኩት ማንም ሳያዘኝ ነው። ነጌሌ ውስጥ የአንድ ነጋዴ መጋዘን ጠባቂ ነበርኩ። ፍርዳቸውን ጨርሰው እዚሁ የቀሩትን እየፈለግሁ፣ ከየት እንደመጡና በምን እንደተፈረደባቸው እጠይቃለሁ። አንዱ የነገረኝን ሌላው ካላረጋገጠልኝ አልጽፈውም።

ይህ ሥራዬ ተወርቶ ኖሮ፣ ከጎጃም አንዲት ሴት መጡብኝ። እሳቸው ልጅ ሳሉ ታስሮ የተወሰደ ወንድማቸውን ይፈልጋሉ። የግራ ቅንድቡን ወይፈን ወግቶት ለሁለት ተከፍሏል። እናታቸው ሲሞቱ፣ ልጄ ሞቶ ከሆነ ተዝካሩን አውጪለት ብለው አደራ ጥለውባቸዋል።

"በሕይወት ላለ ሰው ተዝካር ማውጣት ነውር ነው፤ ለሞተ አለማውጣትም ነውር ነው። ከአንዱ ገላግለኝ ወንድሜ" አሉኝ።

ቅንድቡን አውቀዋለሁ። ሰውየው አሬሮ ከብት ይነግዳሉ። ከእስር ሲወጡ አንድ የቦረና ጎሳ ልጁ አድርጎ ተቀብሏቸዋል። እንዲህ የተቀበሉትን ሰው የቀድሞ ዘሩን ማንም አይጠይቀውም፤ ለእኔም ታሪካቸውን የነገሩኝ ከሰው ርቀን ነበር።

ሴትዮዋን ነጌሌ ትቼ፣ ከብት በጫነ መኪና አሬሮ ሄድኩ። አካም፣ ናጋ ተባብለን ሰላምታውን ስንጨርስ የእህታቸውን መምጣት ነገርኳቸው። የአንዲት ላም አንገት እያከኩ ሰሙኝ።

"ልጆቼ አባቶቻቸውን ሲቆጥሩ የዚህን ጎሳ ነው የሚቆጥሩት። እሷ ከመጣች ሌላ አባት ይዛባቸው ትመጣለች። ሞቷል በላት። ተዝካሬን ታውጣ፤ ጠላው እንዳይቀጥን ብቻ አደራ።"

ስመለስ መንገዱን ሙሉ "ሞተዋል" ማለትን ተለማመድኩ። ሴትዮዋ መጋዘኑ በር ላይ ተቀምጠው ጠበቁኝ።

"አልሞቱም። ግን አይመጡም" አልኳቸው።

የት እንዳሉ ይጠይቁኛል ብዬ ፈራሁ። አልጠየቁኝም።

"የሚቀብረው ሰው አለው?"

"ወንዶች ልጆች አሏቸው።"

ነጠላቸውን አጣፉና በቦሬ በኩል ወደ ሰሜን ወደሚሄደው መኪና አመሩ።

ሰውየው ለገበያ ነጌሌ ሲመጡ ያደረግሁትን ነገርኳቸው። ይቆጡኛል ብዬ ነበር። እሳቸው ግን ስለ እህታቸው ጥርስ ጠየቁኝ፤ ሲለዩዋት የወተት ጥርሷ ወልቆ ሌላው ገና አልበቀለም ነበር። ፍንጭት ናቸው አልኳቸው።

"እንደ እናታችን" አሉ። ከዚያ ወደ ከብቶቻቸው ዞረው፣ "ሞቷል ብትላት አንድ ሰሞን አልቅሳ ትገላገል ነበር። አሁን መኪና በቆመ ቁጥር እየወጣች ታያለች" አሉኝ።

በትራቸውን አንስተው ከብቶቻቸውን ወደ ገበያው ነዱ። ከዚያ ወዲህ ነጌሌ ሲመጡ በእኔ በር አያልፉም።