ሁለተኛዋ ዓይን

ግንበኛው ባዶውን የሲሚንቶ ከረጢት ሲቀደው ድምፁ ወደ ልጅነቴ፣ ወረታ አባቴ ቤት ይዞኝ ሄደ። ያኔ ከሲሚንቶ ከረጢት ወረቀት አሻንጉሊት እሠራ ነበር። ፀጉራቸውን ከሩዝ ጭድ አበጅቼ፣ ዓይናቸውን በከሰል ስዬ፣ ለማንም ሳላሳይ ከጎታው ጀርባ እደብቃቸዋለሁ።

አንድ ቀን አባቴ፣ መሪጌታው፣ እህል ሊሰፍሩ ጎንበስ ሲሉ አገኟቸው። ይቆጡኛል ብዬ ደነገጥሁ። እሳቸው ግን አንዷን አንስተው ወደ ብርሃን አቀረቧት።

«ይች ማናት?»

«እቴቴ ናት» አልሁ። እናቴ ከሞተች በኋላ ያገቧት ሴት ናት።

«ሁለተኛዋ ዓይኗስ?»

አሻንጉሊቷን አየኋት፤ የሣልሁላት አንድ ዓይን ብቻ ነው።

«ልጄ፣ በአንድ ዓይን የሚሣለው ክፉ ሰው ነው። በድላሻለች እንዴ?» ድምፃቸው ተንቀጠቀጠ።

ነገሩ አልገባኝም። «የለም አባባ፤ ስትፈትል ከጎኗ ሆኜ ስላየኋት ነው።»

እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። «እንግዲያ ዙሪና ፊት ለፊቷ ተቀመጪ» አሉኝ።

በማግሥቱ እንዳሉኝ አደረግሁ። እቴቴ እንዝርቷን አቁማ፣ «ምነው ልጄ፣ ምን ታዪብኛለሽ?» ብላ ፈገግ አለች። ስትስቅ እንደዚያ ማማሯን አላውቅም ነበር።

የአባቴ ፍርሃት የገባኝ አድጌ፣ በቤተ ክርስቲያን ሥዕል ላይ ክፉዎቹን ሁሉ በአንድ ዓይን ሳይ ነው። እሳቸው ካረፉ ቆዩ። እቴቴ ዛሬ ከእኔ ጋር ናት፤ እማዬ ነው የምላት።