ሚስማሬ በክፍል በክፍል የገዛው ቤት

«አባባ፣ እኔ አይደለሁም ያልኩት-ኡ፣ ሲስተሙ ነው ያለው-ኡ!»

የባንኳ ልጅ ናት። እሷን ለመምሰል አፍንጫን በሁለት ጣት ቆንጠጥ፣ የቃሉን ጭራ ወደ ላይ ጎተት ነው። እዚያው መስኮቱ ጋ ቆሜ ነው የቀዳኋት፤ ቤት ስንደርስ በደንብ ወጥታልኝ ነበር።

«እስቲ ሲስተሙን ጥሪልኝ» ይላል ሚስማሬ። «የትኛው ቢሮ ነው የሚቀመጠው? ፊት ለፊት እንነጋገር።»

«አባባ፣ ሲስተም እኮ ሰው አይደለም።»

«ሰው አለመሆኑንማ አየሁት!»

ከኋላችን የተሰለፈው ሁሉ ሳቀ። እሱ አልሳቀም። መስታወቱ ሥር ባለችው ክፍተት ሁለት እጁን እስከ አንጓው አስገብቶ፣ ልጅቷ ወንበሯን ወደ ኋላ እስክትገፋ ድረስ፣ «ዘጠኝ ዓመት ከፍያለሁ» አላት። «ውሉ የሃያ ዓመት ነው። ግማሽ ሊሞላ ምን ቀረው? አንቺ ግን ከአሥር እጅ ዘጠኙ ገና አለ ትይኛለሽ። የከፈልኩት የት ገባ? በላሽው?»

«ወለድ ነው እኮ አባባ-ኣ።»

ሚስማሬ የእህቴ ባል ነው። እናቱ ያወጣችለት ስም አለው፣ ግን እህቴ ራሷ በጣም ስትናደድ ካልሆነ አትጠራውም። ሥራው ሶፋ ማልበስ ነው። አሮጌ ሶፋ ይመጣለታል፣ ጨርቁን ይገፍፋል፣ ስፖንጁን ይቀይራል፣ ሽቦውን ያጠብቃል፣ ባለቤቱ እስኪጠራጠር ድረስ አዲስ አድርጎ ይመልሰዋል። ሲሠራ ጥቃቅኑን ሚስማር አፉ ውስጥ ይሞላና አንድ በአንድ በምላሱ ወደ ከንፈሩ እየገፋ፣ እየተቀበለ ይመታዋል። ስሙ ከዚያ ነው የመጣው። ጠዋት ሥራ ከጀመረ እስከ ምሳ ከአፉ የሚወጣው ቃል አንድ ነው፤ «እምም»።

የሚሠራው ምድር ቤት ነው። ጣሪያው ጥግ ካለችው ሽንቁር በስተቀር መስኮት የለውም፤ በሷም የሚታየው የመንገደኛ ጫማ ብቻ ነው። የስፖንጁ ብናኝ እዚያው ይዞራል፣ መውጫ ስለሌለው ደረቱ ውስጥ ይገባል። ሲያስለው ፎቅ ላይ ያሉት ሰዎች ወለሉን በእግራቸው ይደበድቡበታል። ሐኪም ጋ ሄደ። ሐኪሙ ቀና እንኳ ሳይል፣ እየጻፈ፣ «አየር ቀይር» አለው። «ከየት ሱቅ ገዝቼ?» አለው ሚስማሬ።

ሱቁ ተገኘ። ሙያውን ያስተማረው ሽማግሌ ሐይቅ ዳር ባለች ከተማ ሰፊ መሥሪያ ቤት አለው፤ በሩ እንደ ጋራዥ ወለል ብሎ የሚከፈት፣ ነፋሱ ከውሃው ላይ ቀጥ ብሎ የሚገባ። ሽማግሌው ዓይኑ ደከመና ደወለ። ድምፁ ያረጀ የበር ማጠፊያ ነው፤ «ልጄ፣ ላንተ ብዬ ይዤዋለሁ። የዕቃውን ሒሳብ ከፍለህ ግባበት። እስከ ወሩ መጨረሻ ካልመጣህ ግን ለጎማ ነጋዴው እለቀዋለሁ፣ እንዳትቀየመኝ።» ሚስማሬ ያን ቀን ደረጃውን እየዘለለ ነው የወጣው፣ ቤታችን ያለበት አራተኛ ፎቅ ሲደርስ መተንፈስ አቅቶት እኔ ነኝ ውሃ ያጠጣሁት።

ዕቅዱ ቀላል ነበር። ቤቱን እንሸጣለን፣ ለባንክ የቀረውን ግማሽ እንወረውርለታለን፣ የራሳችንን ግማሽ ይዘን ወደ ሐይቁ። ባንክ የሄድነው እንግዲህ «የቀረው ስንት ነው?» ለማለት ነው። እህቴ ሆስፒታል አንሶላ አጣቢ ስለሆነች ቀን አትገኝም። «የሚነበብ ነገር ካለ» ብሎ እኔን ወሰደኝ። እኔም ስምንተኛ ላይ ነው ያቆምኩት፣ ግን ከሱ እሻላለሁ። እውነቱን ለመናገር የሄድኩት ለወሬው ነው።

ይሄ «ግማሽ» የሚባለው ነገር ከየት መጣ ካላችሁኝ፣ ከሶፋ ነው። በነሱ ሥራ ደንበኛ ሙሉ ስብስብ ያሠራና የአንዱን ወንበር ሒሳብ ሲከፍል ያለቀለትን ወንበር ይወስዳል። ሁለተኛውን ሲከፍል ሁለተኛውን። የተከፈለበት ወንበር የማን ነው ብሎ የሚጨቃጨቅ የለም። ሚስማሬ ቤቱንም እንደዚያ ነው የገዛው። የመጀመሪያው ዓመት ሲያልቅ እህቴን እጇን ይዞ ኩሽና አስገባትና «ሴትዮ፣ ካሁን ወዲያ ይሄ ያንቺ ነው፣ ከፍለን ጨርሰናል» አላት። እሷም አመነችና የኩሽናውን በር ቀየረች። ቀጥሎ መታጠቢያ ቤቱ። ቀጥሎ ኮሪደሩ። መኝታ ቤቱ ሰፊ ነው ብሎ ረጅም ጊዜ ወሰደበት። አምና የኔ ተራ ደረሰ። በሬ ላይ ቆሞ፣ ደረቱን ነፍቶ፣ «አንቺ ሬዲዮ! ክፍልሽን ዛሬ ከፍዬ ጨረስኩት። ከዛሬ ጀምሮ የምታንኮራፊው በኔ ቤት ነው» አለኝ። የቀሩን ሳሎኑና በረንዳው ነበሩ።

የነገረው ሰው የለም እንዳትሉ። ነግረውታል። ያኔ ብድሩን ያስጨረሰው ባለ ከረባት ውሉን ይዞ እዚያው ምድር ቤት ድረስ መጥቶ ነበር። እኔም እዚያ ነበርኩ፤ ከረባቱን ብናኙ እንዳይነካው በእጁ ሆዱ ላይ ይዞ፣ ባቡር የሚያመልጠው ይመስል፣ «ክፍያው-መጀመሪያ-ወለዱን-ይሸፍናል-ቀሪው-ከዋናው-ይቀነሳል-ኢንሹራንሱ-ለብቻው-ነው-ያለጊዜው-ቢዘጉ-ቅጣት-አለው-ግልጽ-ነው?» አለው።

«እምም» አለ ሚስማሬ።

አፉ ሚስማር ሞልቶ ነበራ! ሰፈሩ ሁሉ የሚያውቀው ነገር ነው፤ የሱ «እምም» ገብቶኛል ማለት አይደለም፣ ሥራ ላይ ነኝ ማለት ነው። ባለ ከረባቱ ግን የኛ ሰፈር ሰው አይደለም። «እዚህ ጋ ይፈርሙ» አለ። መዶሻውን አስቀምጦ ፈረመ፣ መዶሻውን አነሳ።

ወደ ባንኳ ልጅ ልመልሳችሁ። መጥፎ ልጅ አይደለችም። ሰልፉ እየጮኸባት ስክሪኗን ወደኛ አዞረችልን። «አባባ፣ በየወሩ የሚከፍሉት መጀመሪያ ወለዱን ነው የሚያጠግበው። የተረፈችው ናት ከዋናው የምትቀንሰው። መጀመሪያ ላይ ዋናው ትልቅ ስለሆነ ወለዱም ትልቅ ነው። ከሚከፍሉት አሥር ብር ዘጠኙን ወለድ ይወስዳል፣ ለቤቱ የምትገባው አንዷ ናት።»

«አንዷ?»

«አንዷ።»

«ኩሽናውን የከፈልኩ ጊዜ ማለት ነው?»

ልጅቷ ኩሽናው ምን እንደሆነ አልገባትም። እኔን አየችኝ። እኔ ጣራውን አየሁ።

«ደግሞ እፎይታ ወስደዋል» አለች።

ይሄን አልነገርኳችሁም። ደረቱ መጀመሪያ የጣለው ጊዜ አምስት ወር ሥራ አልነበረም። ባንኩ «የእፎይታ ጊዜ ሰጥተንዎታል» አለው፣ አምስቱን ወር እንዳይከፍል። ሚስማሬ እንባ ነው የቀረው። «እንዴት ያሉ ሰዎች ናቸው!» አለ። እንደዳነ ሄዶ የሥራ አስኪያጁን ወንበር በነፃ አለበሰለት፤ ጥቁር ቆዳ፣ ባለ ሁለት ስፌት፣ ክንዱ ላይ ተጨማሪ ስፖንጅ ያለው። አሁንም እዚያው ተቀምጦበታል፣ በመስታወቱ አየነው።

«በእፎይታው ወለዱ አልቆመም አባባ። ተጠራቅሞ ዋናው ላይ ተደመረ። ከዚያ የተደመረውም ወለድ ይወልዳል። ሃያ ዓመት የነበረው ሃያ ሦስት የሆነው ለዚያ ነው።»

«አምስት ወር ተኝቼ ሦስት ዓመት?»

«ሲስተሙ…»

«ሲስተሙን ተይው። እስከ መጨረሻው ብከፍል ጠቅላላው ስንት ይሆናል? ከመጀመሪያው ቀን እስከ መጨረሻው።»

ቁልፎቹን ነካካች። ደግማ ነካካች። ድምፏ ከአፍንጫዋ ወጣ፣ እንደ ሰው አወራች። «የተበደሩትን ሦስት እጥፍ ሊሆን ትንሽ ነው የሚቀረው። እስካሁን ራሱ የተበደሩትን ያህል ከፍለው አልፈዋል።»

«ሦስት ቤት።»

«እኛ እንደዚያ ብለን አናስበውም አባባ።»

«እኔ ነኛ የማስበው። አንዱ ውስጥ ነው የምኖረው። ሁለቱ የት ናቸው? አድራሻውን ስጪኝና ላከራያቸው።»

ሰልፉ እንደገና ሳቀ። አንዱማ አጨበጨበ። እሱ እጁን ከክፍተቱ አወጣ፣ እዚያች ጠባብ ቦታ ተጨንቆ አንጓው ቀልቶ ነበር። ስንወጣ ልጅቷ ጠራችኝና ዝቅ ብላ፣ «ትርፍ ካገኙ ጨምረው ይክፈሉ፣ ግን ‹ለዋናው› ይሁን ብለው ያስጽፉ፣ አለበለዚያ አይቀንስም» አለችኝ። ይሄን ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ማንም አላለንም።

ደላላ ጠራን። ደላላው ሲያወራ ምላሱን ከላንቃው ያላቅቃል፤ «ቆንጆ ቤት ነው፣ ጧ፣ ቆንጆ፣ ግን ብርሃኑ የታለ?» መስኮቱን ከፈትንለት። እኛ ስንገባ ሰማይ ነበር፣ አሁን የአዲሱ ሕንፃ ግድግዳ ነው። ከመቅረቡ የተነሳ ወዲያ ያለው ሰውዬ ሲያስነጥስ «ይማርህ» የምንለው እኛ ነን። ደላላው ዋጋውን ነገረን። ለባንኩ፣ ለቅጣቱ፣ ለራሱ ለደላላው ከተሰጠ በኋላ የሚተርፈን ለዕቃ መጫኛ መኪና ነበር። ለሽማግሌው ዕቃ የሚከፈል ሳይኖር ወዴት እንደምንጭነው ግን እንጃ። እኔ ብልጥ ነኝ ብዬ «እናከራየውና እንሂድ» አልኩ። ኪራዩ የወሩን ክፍያ ግማሹን አይሸፍንም። የሚገርማችሁ፣ ቁጭ ብለን በሩን እያየን ነበር የምናወራው። በሩ ክፍት ነበር።

ማታ እህቴ ገባች። ጫማዋን ሳታወልቅ ሚስማሬ ነገራት።

«ስንት ቀረን?»

«ዘጠኝ እጅ።»

«ከስንት?»

«ከአሥር።»

ቦርሳዋን መሬት አስቀመጠች። «ኩሽናውስ?»

«የባንክ።»

«መኝታ ቤቱ?»

«የባንክ።»

«የሷስ ክፍል?» በአገጯ ወደኔ።

«እሷም የባንክ ናት።»

እኔ ሳቅሁ፣ ብቻዬን። እህቴ ወለሉን አየችው። «ታዲያ ዘጠኝ ዓመት የማንን ወለል ነው ስወለውል የኖርኩት?»

ማንም ሲጠፋ እኔ አለሁ አይደል፤ «ኧረ እታለም፣ አንድ እጅ እኮ አለን። መታጠቢያ ቤቷን ብታክል ነው» አልኩ። ለማሳቅ ነበር።

«እንግዲያው ቤቴ ልግባ» አለችና መታጠቢያ ቤት ገብታ ቆለፈችው። ውሃውን ከፈተችው። ስታለቅስ እንዳይሰማ ውሃ መክፈት የልጅነት ጠባይዋ ነው። ሚስማሬ በሩ ሥር ቆሞ አንዴ ሊያንኳኳ እጁን አነሳ፣ ተወው።

የወሩ መጨረሻ ከመድረሱ በፊት ምድር ቤት ሆኖ ሽማግሌው ጋ ደወለ። እኔ ጨርቅ ይዤለት ነበር። ያን ቀን አፉ ውስጥ ሚስማር አልነበረም።

«አባቴ፣ ለጎማ ነጋዴው ይልቀቁለት።»

«ምነው ልጄ? አሞህ ነው?»

«ኧረ ደህና ነኝ። ቤት አለኝ እዚህ… ቤት ትቶ እንዴት ይኬዳል?»

ሽማግሌው በዚያች ሲጢጥ በምትል ድምፁ፣ «እሱስ እውነትህን ነው። እኔ ይኸው በኪራይ አረጀሁ። የራሱ ቤት ያለው ሰው ምን ጎደለው?» አለ። ሙሉ በሙሉ ከልቡ ነበር።

«ምንም» አለ ሚስማሬ። ስልኩን እስኪዘጋ ሳሉን ይዞት ነበር፣ ሲዘጋ ለቀቀው። ላይ ያሉት ደበደቡ።

አሁን እሑድንም ይሠራል። ዓመቱን ለማሳጠር «ለዋናው» የምትጨመር ትንሽ ነገር ያስፈልጋላ። አንድ እሑድ ምድር ቤት መዋል ከመጨረሻው ስንት ቀን እንደሚቆርጥ የባንኳን ልጅ በስልክ ጠየቃት፤ ነገረችው። ከደረቱ ስንት እንደሚቆርጥ ሐኪሙን አልጠየቀውም።

ትናንት ሳሎን ጠረጴዛው ላይ ይሄን ስጽፍ መጥቶ ከኋላዬ ቆመ።

«ምን ትሞነጫጭሪያለሽ?»

«ያንተን ጉድ ነው ጋሼ።»

«እስቲ አንብቢው።»

አነበብኩለት። የባንኳ ልጅ ጋ ስንደርስ «ድገሚያት» አለኝ፣ አፍንጫዬን ይዤ ደገምኩለት፣ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። ስልኩ ጋ ስንደርስ ወንበር ስቦ ተቀመጠ።

«ሐይቁን አውጪው።»

«ለምን?»

«ሊሄድ ነበር ይላሉ። ሊሄድ የነበረ ሰው ሆኜ እዚህ ከምቀመጥ፣ ዝም ብዬ የተቀመጥኩ ልሁን።»

«ሐይቁ ከወጣ ምን ይቀራል? ቢያንስ መጨረሻውን ልጻፈው።»

«መጨረሻው አሥራ አራት ዓመት ይቀረዋል። እስከዚያ እስክሪብቶ ልገዛልሽ ነው? ተይው አልኩሽ። አቁሚ።»