የእመት ዘይነባ ማሽላ

ሥራ የጀመርሁ ዕለት፣ መርሳ ላይ፣ አለቃዬ አንድ ማጉያ መነጽርና አንድ እስር የወረቀት ከረጢት ሰጥቶ፣ «ያየኸውን ጻፍ፤ የገመትኸውን ለራስህ ያዝ» አለኝ። የሰብል በሽታ ቴክኒሻን ሆኜ መቀጠሬ ነበር። ምክሩ ቀሎብኝ ሳቅሁ።

በሦስተኛው ዓመቴ ግራና ከተማ አጠገብ ባለች መንደር ማሽላውን አረማሞ መታው። ፍሬው ሲፈረፈር ጥቁር ዱቄት ይሆናል። በሽታው ከዘር ጋር ስለሚዞር፣ የተጎዱትን ገበሬዎች ዘሩን ከማን እንዳመጡ አንድ በአንድ ጠየቅሁ። ሁሉም የጠሩት እመት ዘይነባን ነው። እሳቸው ጅጉርቲ ከሚባል የማሽላ ዓይነት ራስ እየመረጡ ከምድጃ በላይ ሰቅለው የሚያኖሩ፣ ዘር ያጣ ሁሉ የሚለምናቸው ባልቴት ነበሩ።

ጉረኛ ነበርሁ። በመንደሩ ስብሰባ ቆሜ፣ «በሽታው የወጣው ከእመት ዘይነባ ቤት ነው» አልሁ። ከሴቶቹ መካከል ተቀምጠው ነበር፤ ሻሻቸውን አስተካክለው ዝም አሉ። ዘሩን በመድኃኒት አሽቶ መዝራት እንደሚበቃ የተናገርሁት ከዚያ በኋላ ነው። ካፍ ከወጣ አፋፍ ነውና ማን ይሰማኝ። ለዘር ብሎ ደጃቸውን የረገጠ አልተገኘም።

እናቴ ከሞተች በኋላ የቤተሰባችንን የትውልድ ሐረግ መጻፍ ጀመርሁ። ወልድያ ያለው አጎቴ፣ «የእናትህን ወገን አጥርታ የምትቆጥር ዘይነባ ናት። ዘመድህ መሆኗን አታውቅም እንዴ?» አለኝ። አላውቅም ነበር። እያፈርሁ ሄድሁ።

እመት ዘይነባ እስከ ሰባት ቤት ቆጠሩልኝ። ሲጨርሱ፣ «አንቱ ያን ዘር ከማን ነበር ያገኙት?» አልሁ።

«ገና ዛሬ ጠየቅኸኝ?» አሉ። «ዝናቡ በቀረ ዓመት ዘር አልቆብኝ እናትህ ናት የሰጠችኝ፣ ነፍሷን ይማር። ያን ቀን ብናገር ኖሮ አንተው በሰው ፊት ባዋረድካት ነበር። ወላሂ፣ ለሷ ብዬ ነው ዝም ያልሁ።»

እዚያው አለቀስሁ። በሳምንቱ በዚያው መንደር ቆሜ ሁሉንም ተናገርሁ። ሰዎቹም ይቅርታ ሊጠይቁ፣ ዘርም ሊለምኑ ሄዱ።

«ዘሩን ማን ይወስደዋል ብዬ አስፈጭቼ በላሁት» አሏቸው እመት ዘይነባ።

ዛሬ ጡረታ ወጥቼ ሁለት መጻሕፍት ጽፌ ጨርሻለሁ። ስለ ሰብል በሽታ በጻፍሁት ውስጥ የሳቸው ማሽላ የለም። በትውልዱ መጽሐፍ ግን ከእናቴ ስም ሥር፣ «ለዘይነባ ዘር የሰጠች» ብዬ ጽፌአለሁ።

ለሥራ ባልደረቦቼ፦ የበሽታ መነሻ አገኘን ስትሉ አንድ ቤት አልፋችሁ ጠይቁ። መድኃኒቱን ቀድማችሁ ተናገሩ፤ ስም መጥራቱ ይቆይ።