ሦስቱ ነጭ መስመሮች

ባለፈው ሳምንት መሥሪያ ቤት ውስጥ ፕሪንተሩ አንድ ደብዳቤ በነጭ መስመር ቆራርጦ አወጣው። አጠገቤ የምትቀመጠው ልጅ «ክሊኒንግ ልጫነው» ብላ እጇን ስትሰድ «ተይው» አልኳት። ድምፄ ምን ያህል እንደወጣ ያወቅሁት ሰዉ ሁሉ ዞሮ ሲያየኝ ነው። «ምን ሆነሻል? ፕሪንተር እኮ ነው» ብላ ሳቀችብኝ። እውነቷን ነው፣ ፕሪንተር ነው። ካርትሪጁን ስታወጣው ግን ያ ሽታ መጣ፣ ትንሽ እንደ ስፒርቶ፣ ትንሽ እንደ ረጠበ ወረቀት ያለው የቀለም ሽታ። ከዚያ በኋላ ቀኑን ሙሉ የረባ ሥራ አልሠራሁም።

ይኸውላችሁ፣ ቡራዩ ስንኖር እኛም ሳሎናችን ውስጥ ፕሪንተር ነበረን። አባቴ ባለ ሱቅ ነው፤ ስኳርም ገመድም ሳሙናም ይሸጣል። አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ ቤት ስቀመጥ «ከምትቆዝሚ ማመልከቻ ጻፊ» ብሎ ያገለገለ ኮምፒውተርና ፕሪንተር ከመርካቶ ገዝቶ መጣ። የዚያን ጊዜ ደግሞ ማመልከቻ የማያጽፍ ሰው አልነበረም። ማስተር ፕላን የሚባል ነገር መጥቷል፣ መሬታችን ወደ አዲስ አበባ ሊጠቃለል ነው ተብሎ ገበሬው ሁሉ የይዞታ ወረቀቱን በፌስታል ጠቅልሎ ይመጣል። «ጉዳዩ የሚመለከተው ሁሉ» የሚለውን ዓይኔን ጨፍኜ እጽፈው ነበር። ማንን እንደሚመለከተው ግን እስከ ዛሬም አላወቅሁም።

ፕሪንተሩ አመለኛ ነበር። ሁለት ቀን ሥራ ከፈታ ቀለሙ አፉ ላይ ይደርቅና ወረቀቱን ነጭ በነጭ መስመር ያደርገዋል። እሱን የሚያውቅበት አንድ ሰው ብቻ ነበር፣ ወተት የሚያመጡልን ሴትዮ ልጅ። እናቱን ሰፈሩ ሁሉ አዴ ነው የሚላቸው፣ በኦሮምኛ እናት እንደማለት። በየጠዋቱ ከገፈርሳ በኩል በእግራቸው መጥተው በራችን ላይ «አካም ቡልተን» ብለው እንደምን አደራችሁ ሲሉን ነው የምንነቃው። ልጃቸው ከእኔ ጋር ነው የተማረው፤ በኋላ ታክሲ ተራው አጠገብ ፎቶ ኮፒ ቤት ተቀጠረ። ረጅም፣ ዝምተኛ፣ ከቀኝ ቅንድቡ በላይ ልጅ ሆኖ ጥጃ ስትረግጠው የቀረ ጠባሳ ያለው።

የእሱ አሠራር ቀላል ነው፣ ትዕግሥት ላለው። የእናቴን አሮጌ ሻሽ ለብ ባለ ውሃ ያረጥብና ሳህን ላይ ይዘረጋዋል፤ የካርትሪጁን አፍ ወደ ታች አድርጎ እዚያ ላይ ያስቀምጠዋል፤ ከዚያ መቀመጥ ነው። ቀዩም ቢጫውም ሰማያዊውም ጨርቁ ላይ እስኪወርድ አንድ ሰዓት፣ አንዳንዴም ሁለት። እኔ ኮምፒውተሩ ላይ ያለውን «ክሊኒንግ» የሚለውን ልጫን ስል እጄን ይይዘኛል። «ይሄ አፉን የሚታጠበው በምን ይመስልሻል? በራሱ ቀለም ነው። በተጫንሽው ቁጥር ቀለሙን ይደፋዋል። አንዴ ይበቃል።» ከዚያ «ሱታ» ይለኛል፣ በኦሮምኛ ቀስ በይ ማለቱ ነው። «አንቺ እኮ እርጎ እስኪረጋ እንኳ የምትጠብቂ አይደለሽም።»

«አንተ ደግሞ ከበሬ ጋር ነው ያደግኸው» እለዋለሁ።

«በሬ ምን አደረገሽ? ያርሳል፣ ዝም ይላል።»

እንዲህ ስንጠብቅ አንድ ቀን በስልኬ ፎቶ አነሳሁት። የመስኮቱ ብርሃን ግማሽ ፊቱ ላይ ነበር፣ ጣቶቹ ሁሉ ሰማያዊ ሆነዋል። «ቀለም በቀለም ሆኜ?» ብሎ ሳቀ፤ ጥርሱ ሳይከደን ያዝኩት። ፎቶውን ኮምፒውተሩ ውስጥ አስገብቼ አስቀመጥኩት። እወደው ነበር። አሁን ብናገር የሚቀየመኝ የለም፤ እወደው ነበር፣ ግን አልነገርኩትም። ለዚህ ለዚህ ሲሆን ቸኩዬ አላውቅም።

ከዚያ መንገዱ ላይ ድንጋይ ተደረደረ። ጎማ ተቃጠለ፣ ታክሲ ቆመ፣ ትምህርት ቤት ተዘጋ፣ ኢንተርኔት ጠፋ። የሚሰማው ፉጨትና ሩጫ ነበር፤ ከዚያ ተኩስ፤ ከዚያ ምንም። አባቴ የሱቁን መዝጊያ ግማሽ ድረስ አውርዶ ሰው እየጎነበሰ ይገዛ ነበር። በሦስተኛው ቀን ልጃቸውን ከፎቶ ኮፒ ቤቱ ደጃፍ ከሌሎች ልጆች ጋር መኪና ላይ ጭነው ወሰዱት። ድንጋይ ሲወረውር ነው ያሉም አሉ፣ በር ሲዘጋ ነው ያሉም አሉ። እኔ አላየሁም። ሰምቼ ግን ምግብ አልበላ አለኝ፣ ለእናቴ ሆዴን አሞኛል አልኳት።

ወተት ሳይመጣ ሦስት ቀን ሆነው። በአራተኛው ቀን ጠዋት አዴ ያለ ወተት ጣሳቸው መጡ። ባዶ እጃቸውን ሳያቸው ደነገጥኩ፤ ሁሌ ከጣሳው ጋር ነው የማውቃቸው። ቁጭ ሳይሉ ነው የነገሩን። የተያዙት ልጆች ሰበታ ናቸው ይባላል። ቤተሰብ እስር ቤቱ በር ላይ ሄዶ ስም ሲያስጠራ «የለም» ነው የሚባለው፣ በእሱ ስም ደግሞ አሥር ልጅ አለ። ስለዚህ ሰዎች ፎቶ ይዘው ይቆማሉ፤ ተፈቶ ለሚወጣ ሁሉ «ይሄን አይተሃል?» እያሉ ያሳያሉ። የልጃቸው መታወቂያ ኪሱ ውስጥ እንዳለ ሄዷል። ቤታቸው ያለው ፎቶ የሰባት ዓመት ልጅ ሆኖ የተነሳው ነው።

«አንቺ ፎቶ እንዳነሳሽው ነግሮኝ ነበር» አሉኝ። «አውጪልኝ፣ ኢንተላ ኮ፣ ልጄ። አይሱዙ በስድስት ሰዓት ይነሳል፣ ሰበታ ያደርሰኛል።»

መብራት አልነበረም። እሳቸው ሶፋው ጫፍ ላይ ተቀምጠው፣ እኔ ፕሪንተሩ ፊት ቆሜ ጠበቅን። አራት ሰዓት ላይ መጣ። ስከፍተው ሳምንት ሙሉ ተዘግቶ የቆየው ፕሪንተር አቃሰተና የመጀመሪያውን ወረቀት ተፋ። ፊቱ እንደ ሽቦ አጥር ሆኗል፣ ከግንባሩ እስከ አገጩ አግድም መስመር በመስመር። አዴ አዩትና «እሱ ነው?» አሉኝ። እናቱ ናቸው እኮ እንዲህ ብለው የሚጠይቁኝ።

እስከ አይሱዙ ሁለት ሰዓት ነበረኝ። ለሻሹና ለለብ ያለው ውሃ የሚበቃ ሁለት ሰዓት። እንዲህ ቆጥሬ ያወቅሁት ግን ዛሬ ነው፤ ያን ቀን የታየኝ መብራቱ ሊሄድ እንደሚችል ብቻ ነበር። ክሊኒንግ ተጫንኩ። ፕሪንተሩ ጉሮሮውን ሲጠራርግ ቆየና ሁለተኛውን ሳወጣ ተሻለ፤ ያ ሁሉ መስመር ጠፍቶ ሦስት ቀረ። አንዱ ከቅንድቡ በላይ ጠባሳው ላይ፣ አንዱ ዓይኖቹ ላይ፣ አንዱ አፉ ላይ። ጣት ስፋት ባይሆኑም የእንጨት እርሳስ ያህል ይሆናሉ። እዚህ ላይ ማቆም ነበረብኝ። «አንዴ ይበቃል» ያለኝ ድምፅ ጆሮዬ ውስጥ ነበር፣ አልዋሽም፣ ሰምቼዋለሁ። ግን ሦስት መስመር ብቻ ቀረኝ አልኩ። ደግሜ ተጫንኩ። ሦስተኛ ጊዜም ተጫንኩ።

የወጣው ወረቀት ባዶ ነበር። ጥግ ላይ ቢጫ ጥላ ነገር ብቻ።

ያን ጊዜ ነው ሻሹ ትዝ ያለኝ። ካርትሪጁን ነቅዬ እርጥብ ጨርቅ ላይ አስቀመጥኩት፣ ምንም አልወረደም፤ ያለችውን ቀለም ደፍቼዋለሁ። በመርፌ የምንሞላበት የቀለም ጠርሙስ ከተሟጠጠ ቆይቷል፣ ቀለሙ የሚመጣው ከመርካቶ ነው፣ ወደ አዲስ አበባ የሚወስደው መንገድም ዝግ ነው። የቸኮለ አፍስሶ ለቀመ ይላሉ፤ እኔ የምለቅመውም አልነበረኝም። ወለሉ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ፣ ያውም እሳቸው ሳያለቅሱ።

አዴ ሁለተኛውን ወረቀት፣ ባለ ሦስት መስመሩን፣ አንስተው ብርሃኑ ላይ ያዙት። ብዙ አዩት። ከዚያ እናቴን «ኩል አለሽ?» አሏት። እናቴ ጓዳ ገብታ የኩል ብልቃጧን ከነመኳያው አመጣች። አዴ ወረቀቱን ጉልበታቸው ላይ ዘርግተው፣ ነጩን መስመር ከዓይኑ ጀምረው በመኳያው ጫፍ ሞሉት። የዓይኑን ብሌን አገናኙ፣ ቅንድቡ ላይ ወጡ፣ አፉን ዘጉ። «ሕፃን ሆኖ ስኩለው» አሉ፣ ለማን እንደሆነ እንጃ፣ «ዓይኑን ጨፍኖ ነበር የሚያስቸግረኝ። አሁን ዝም አለ።»

እናቴ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች። አዴ ወረቀቱን በፌስታል ጠቅልለው ደረታቸው ውስጥ ከተቱና ሄዱ።

አባቴ ከሱቅ ገብቶ በሩን ዘጋው። ክፉ ሰው አይደለም፣ ይሄን እወቁልኝ። ልጁን እሱም ይወደው ነበር፣ የሱቁን ሬዲዮ የሚሠራለት እሱ ነው። «ከታች ሰፈር ቤት ለቤት እየገቡ ስልክና ኮምፒውተር እያዩ ነው» አለኝ። «የታሰረ ልጅ ፎቶ ከአንቺ ዘንድ ቢገኝ ምን ብለሽ ልትመልሺ ነው? እናትየው ይዛዋለች አይደል? አጥፊው።» ተንጠልጥሎ የቀረ እንባ ዓይኑ ላይ ነበር። እኔ በራሴ ላይ ተናድጄ ነበር፣ ያን የተሰነጣጠቀ ፊት ዳግም ማየትም አልፈለግሁም። ከስልኬ አጠፋሁት። ከኮምፒውተሩ አጠፋሁት። የኮምፒውተሩ የቆሻሻ ቅርጫት ውስጥ ገብቼም አጠፋሁት። እዚህም ላይ ቸኮልኩ።

ማንም አልመጣም። በራችንን ያንኳኳ አንድ ሰው የለም።

አዴ ሰበታ ሄዱ። በሩ ላይ ሰው ስለሚገፋፋ ፎቶው ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበለ ነው ወደፊት የሚሄደው፤ መልሱም እንደዚያው ነው የሚመለሰው። የእሳቸው ወረቀት ከነፌስታሉ ሄዶ መጣ፣ «አላየነውም» ተብሎ። ወደ ሱሉልታ ወስደዋቸዋል ሲባል ሱሉልታ ሄዱ፣ እዚያም እንደዚያው። ወር ሳይሞላ ግን ገበያ ላይ ከሰበታ ከተፈታ አንድ ልጅ ጋር ተገናኙ፤ ወረቀቱን ሲያሳዩት «አዎ፣ የወጣሁ ቀንም አሳይተውኛል፣ አላውቀውም» አላቸው። «ይሄኛው ቅንድቡ ላይ ጥጃ ረግጣው...» ብለው ሲጀምሩ አቋረጣቸው። «ጠባሳ ያለው? ረጅሙ? እሱማ አጠገቤ ነበር የሚተኛው። ፎቶው ላይ ጠባሳ የለም እኮ። እኔ የወጣሁ ቀን እዚያው ነበር፣ በማግስቱ ሌላ ቦታ ወሰዷቸው ሲባል ሰምቻለሁ።»

የት እንደሆነ አያውቅም። ከዚያ ወዲያ የሚያውቅ ሰው አልተገኘም። ይሄን አዴ ራሳቸው ናቸው የነገሩኝ፣ ወተቱን እየሰፈሩ። አንድም ቃል አልወቀሱኝም። የኔን መስመር በእሳቸው ኩል ስለሸፈኑት ጥፋቱ የራሳቸው መስሏቸዋል። «እኔ ነኝ ጠባሳውን የደፈንኩት» አሉ። «አይደለም አዴ፣ እኔ ነኝ» ማለት ነበረብኝ። አፌ ድረስ መጥቶ ተመለሰ።

አሁን እኔ የምኖረው ሌላ ሰፈር ነው። ለበዓል ስሄድ እጠይቃቸዋለሁ። ላሞቹ የሉም፣ የግጦሹ ቦታ ታጥሯል፤ የቀረቻቸው ቤቷና ጓሮዋ ናት። ወረቀቱን በመስታወት አስገብተው ከበሩ ፊት ለፊት ሰቅለውታል፣ የሚገባ ሰው ሁሉ እንዲያየው። ከበሩ ፊት ለፊት ማለት ደግሞ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ የሚያገኘው ቦታ ማለት ነው። የፕሪንተር ቀለም ፀሐይ አይችልም። መጀመሪያ ቀዩ ሄደ፣ ከዚያ ሰማያዊው፣ የጣቶቹ ሰማያዊም አብሮ። ባለፈው ፋሲካ ስገባ ፊቱ የለም። ጥርሱም፣ ግማሽ ፊቱ ላይ የነበረው ብርሃንም የለም። ቢጫ ወረቀት ላይ የቀረው የእሳቸው ኩል ብቻ ነው። ሦስት ጥቁር መስመር።

አዴ እጄን ይዘው አጠገባቸው አስቀመጡኝ። «ደበዘዘብኝ» አሉ። «አንቺ ዘንድ አለ አይደል? ደግመሽ አውጪልኝ።»

በየዓመቱ ነው የሚጠይቁኝ። በየዓመቱም የምመልሰው ያንኑ ነው። «ቀለም ላግኝና፣ አዴ።» ከተማው በቀለም ተጥለቅልቋል፣ እሳቸውም ይሄን ሳያውቁ አይቀሩም።

እጄን መታ መታ አደረጉኝ። «ሱታ፣ ኢንተላ ኮ» አሉኝ። «እኔ አልቸኩልም።»