ከባሕሩ ዳር የመጣው ባልዲ

የሰኔ ሚካኤል ዕለት ነበር እያልኩ ለሰው ስናገር ቆይቻለሁ። አሁን ግን እጠራጠራለሁ። ሚካኤል ቢሆን ኖሮ እትዬ ስሜነሽ ቀኑን ሙሉ ቤተ ክርስቲያን ይውሉ ነበር እንጂ በቀትር እኔ እስከምኖርበት የላስ ቬጋስ ሰፈር እስከ ዊትኒ ድረስ መጥተው በሬን አይደበድቡም ነበር። ምናልባት ማግስቱ ነው። ወይም ከዚያ ቀጥሎ ያለው ቅዳሜ። ሙቀቱን ግን አልረሳሁትም፤ የመኪናዬን መሪ በፎጣ ነበር የያዝኩት።

የምጽፈው ስለ እትዬ ፋናዬ ነው። ከእኔ በላይ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ብቻቸውን ይኖራሉ። ከሱዳን የስደተኞች ካምፕ ወደዚህ የመጡት ገና በሃያዎቹ ዕድሜያቸው ነው፤ ዛሬ ስድሳን አልፈዋል። ስትሪፕ በሚባለው የካዚኖዎች ጎዳና ላይ ባለ አንድ ካዚኖ ቡፌ ውስጥ የባሕር ምግብ የሚቀርብበት ጠረጴዛ የእሳቸው ነው። ኦይስተር የሚባለውን ዛጎል በቢላ ይከፍታሉ። መስል የሚባለውን፣ ድንጋይ ላይ ተጣብቆ የሚኖረውን ጥቁር ዛጎልም ይለቅማሉ። አፉን ከፍቶ ሲነኩት የማይዘጋውን ይጥሉታል፤ ሞቷል ማለት ነው። የቀረውን ወደ አፍንጫቸው ያስጠጉታል። አለቃቸው እንኳን «ፋና ካሸተተችው ይበቃል» ይላል አሉ።

ቀምሰውት ግን አያውቁም። ክንፍና ቅርፊት የሌለው የባሕር ፍጥረት በእኛ እምነት አይበላም። የኩሽና ባልደረቦቻቸው «ፋና፣ አንዲት ብቻ! እግዜር ቬጋስን አያይም» እያሉ ያሾፉባቸዋል። እሳቸውም «ቬጋስን ባያይ እኔን ያያል» ብለው ቢላቸውን ያነሣሉ።

እትዬ ስሜነሽ ከካምፑ ጀምሮ የማይለዩዋቸው ጓደኛቸው ናቸው። ቤታቸው ሰንራይዝ ማነር የሚባል ሌላ ሰፈር ነው። የኪዳነ ምሕረት ጽዋ ማኅበር ሙሴ፣ ማለትም መሪ ነበሩ። አንድ ሠርግ ላይ ሽሪምፕ ያነሣችን የሙሽራ ሚዜ «በረሮ ነው የበላሽው፤ የባሕር በረሮ!» ብለው በሰው ፊት ያስለቀሱ ሴት ናቸው።

ነገሩ ከመሆኑ በፊት በነበረው ምሽት የእትዬ ፋናዬ የእኅት ልጅ ሰርፀ መኪና ማቆሚያው ላይ አገኘኝ። ሆቴል ውስጥ የእንግዶች መኪና ፓርክ የሚያደርግ ሠላሳ ዓመት ያለፈው ጎረምሳ ነው። የዕረፍት ቀኑን ከጓደኞቹ ጋር ካሊፎርኒያ ባሕር ዳር አሳልፎ መመለሱ ነበር።

«ጋሼ ይልማ፣ ይሄን ቪዲዮ እየውማ!»

ውኃው የተፈጨ ሸክላ የተደፋበት ይመስላል። አንድ ትልቅ ወፍ መብረር አቅቶት በመኪናዎች መካከል ይንገዳገዳል። ከዚያ የባሕር አንበሳ የሚሉት ዓሣ በል ትልቅ እንስሳ መጣ። አሸዋው ላይ ተዘርግቶ አንገቱን ወደ ሰማይ ይወረውራል፣ ይመልሳል፣ እንደገና ይወረውራል። ከካሜራው ኋላ ሳቅ ይሰማል። «ሰክሯል እኮ!» ይላል አንዱ።

ልጅ ሳለሁ ሰፈራችን የውሻ መርዝ በተበተነ ማግስት ውሾቹ አንገታቸውን ልክ እንደዚህ ሲጥሉ አይቻለሁ። ስልኩን መለስኩለት።

«ሰርፀ፣ ይሄ እንስሳ እየሞተ ነው።»

«ሬድ ታይድ ነው አሉ። ውኃው ይቀላል። ሲመሽ ደግሞ ማዕበሉ ሰማያዊ ያበራል፤ ብታየው ጉድ ትላለህ!»

ከመኪናው ኋላ በበረዶ የተሞላ ባልዲ እንደነበረው አልነገረኝም። ከዓለቱ ላይ በእጁ የለቀመውን መስል ለአክስቱ ስጦታ ይዞ ነበር።

በማግስቱ በቀትር የቤቴ በር ተደበደበ።

«ይልማ! ኧረ ይልማ! ፋናዬ አፏ ደነዘዘባት!»

ደረጃውን ሮጬ ወጣሁ። እትዬ ፋናዬ ሶፋው ላይ ተቀምጠው ከንፈራቸውን በጣታቸው ይነካካሉ፤ የሌላ ሰው ከንፈር የሚነኩ ይመስላሉ። መጋረጃው በቀን ተዘግቷል። ኩሽናው ሚጥሚጣና ሎሚ ይሸታል። ድስቱ ታጥቧል።

«ከንፈሬ… የለም» አሉኝ።

ሁለቱን ከኋላ አስቀምጬ ወደ ሆስፒታል ነዳሁ።

«ምን በልተው ነበር?» ብዬ ጠየቅሁ።

«ጾም አይደል እንዴ? ሽሮ ነዋ!» አሉ እትዬ ስሜነሽ። «ሚጥሚጣ አብዝታ ነው።»

በመስታወቱ አየኋቸው። እትዬ ፋናዬ እጆቻቸውን ጭናቸው ላይ ዘርግተው ያዩዋቸዋል። ያ የባሕር አንበሳ ለምን ዓይኔ ላይ እንደመጣ በጊዜው አልገባኝም።

ሆስፒታል እንደደረስን ቶሎ አስገቧቸው። ጭንቅላታቸውን በማሽን ፎቶ ካነሡ በኋላ አንዲት ወጣት ዶክተር መጣች። የእትዬ ፋናዬ እንግሊዝኛ ከእኔ አያንስም፤ ያን ቀን ግን ምላሳቸው አልታዘዝ አላቸውና አስተርጓሚው እኔ ሆንኩ።

«ስትሮክ ከሆነ የረጋ ደም የሚያሟሟ መድኃኒት ሳይዘገይ መስጠት አለብን» አለች። «ካልሆነ ግን መድኃኒቱ ራሱ ጭንቅላቷን ሊያደማው ይችላል። ግራ የገባኝ ሁለቱም እጆቿ መደንዘዛቸው ነው። እባክህ ደግመህ ጠይቃት፤ ምን በላች?»

ጎንበስ ብዬ ተረጎምኩ። እትዬ ፋናዬ አላዩኝም። በትከሻዬ በኩል ያያሉ። ከአልጋው ግርጌ እትዬ ስሜነሽ እጆቻቸውን ነጠላቸው ውስጥ ደብቀው ተቀምጠዋል።

«ሽሮ አልን እኮ! ስንት ጊዜ ነው የሚጠይቁት?»

«እትዬ ፋናዬ፣ ሕይወትዎ ነው» አልኩ። ዓይናቸውን ጨፈኑ።

ዶክተሯ ሰዓቷን አየች፤ መድኃኒቱን እንዲያዘጋጁ አዘዘች። መተንፈሻ ማስክ አፋቸው ላይ አደረጉላቸው። ደረታቸው ከፍ ለማለት ይታገላል። እኔ የአልጋውን ብረት ይዣለሁ፤ ብረቱ ቀዝቃዛ ነው፤ የእኔም እጅ ደንዝዞ እንደሆነ ለማወቅ ጣቶቼን አንቀሳቀስኩ።

በዚህ መሐል አንዲት ነርስ ለእትዬ ስሜነሽ የውኃ ጠርሙስ ሰጠቻቸው። ጠርሙሱ ከእጃቸው ሾልኮ ወደቀ። ጎንበስ ብለው በሁለት መዳፋቸው ሊያነሡት ሞከሩ፤ ጣቶቻቸው አልታጠፉም። እንደገና ወደቀና አልጋው ሥር ተንከባለለ።

«ላብ ነው» ለማለት ፈልገው ነበር። ከአፋቸው የወጣው ግን ቃል አይመስልም።

እትዬ ፋናዬ ማስኩን ከፊታቸው ላይ ጎትተው አወለቁት።

«ባልዲው…» አሉ። «ሰርፀ… ከባሕር ያመጣው መስል። እሷም በልታለች።»

«ፋናዬ፣ ዝም በይ! በኪዳነ ምሕረት!» አሉ እትዬ ስሜነሽ በተኮላተፈ አፍ።

«አልልም! መረቁን ጠጥታዋለች፣ ይልማ! ትሞትብኛለች!»

እየጮኽኩ ተረጎምኩ። ዶክተሯ መድኃኒቱን የያዘችውን ነርስ እጅ በእጇ አገደች። እትዬ ስሜነሽ ሊነሡ ሲሉ ጉልበታቸው ከዳቸውና ወለሉ ላይ ተቀመጡ። ሲያነሧቸው ትንፋሻቸው ይቆራረጥ ነበር። መጋረጃ ተጋረደ። ከመጋረጃው ኋላ «ቱቦ! ቱቦ!» ሲባል ሰማሁ። ከዚያ በኋላ ለእትዬ ስሜነሽ ማሽን ተነፈሰላቸው።

ለሰርፀ ደወልኩ። ሌላ የበላ ሰው እንደሌለ፣ እሱም ሽታውን ስለማይወድ እንዳልቀመሰ እያለቀሰ ነገረኝ። ዶክተሯ በኋላ አስረዳችኝ። አንዳንድ ጊዜ ባሕሩ ውስጥ በዓይን የማይታይ፣ አልጌ የሚባል ረቂቅ የውኃ ሕይወት ይራባል። ሁሉም ውኃ አያቀላም፣ ሁሉም አይመርዝም። መርዘኛው ሲመጣ ግን መስሉ ቀኑን ሙሉ ውኃውን እያጠለለ መርዙን ያጠራቅማል፤ ራሱ አይታመምም። ትንንሽ ዓሦችም ያጠራቅሙታል፤ ወፉና የባሕር አንበሳው የሚመረዙት በእነሱ ነው። የእንስሳውና የሴቶቹ መርዝ አንድ ላይሆን ይችላል አለች፤ በአንድ ወቅት ብዙ ዓይነት ይራባልና። ሽታ የለውም፤ ብትቀቅለው አይጠፋም፤ መረቁ ውስጥ ይገባል። ማርከሻም የለውም፤ ሰውነት እስኪያወጣው ድረስ መተንፈስ ብቻ ነው።

እትዬ ፋናዬ በማግስቱ ድምፃቸው ሲመለስ ነገሩኝ። ባልዲውን ያዩት እትዬ ስሜነሽ ነበሩ።

«‹ዕድሜሽን ሙሉ ስትከፍቺ የኖርሽው ይሄን ነው?› አለችኝ። ይሄን ነው አልኳት። ‹ምን ምን ይላል?› አለች። እኔ ምን አውቄ! ሳቅን። ከዚያ ተነሥታ መጋረጃውን ዘጋችው።»

የሁለቱም ከንፈር መቆጥቆጥ ሲጀምር እትዬ ስሜነሽ «ሚጥሚጣሽ ይፋጃል» አሏቸው፤ እሳቸው «አንቺ ነሽ የጨመርሽው» አሉ። በዚያም ሳቁ። እትዬ ፋናዬ ውኃ ሊጠጡ ብርጭቆ አንሥተው ብርጭቆው ከንፈራቸው ላይ መድረሱ አልታወቅ እስኪላቸው ድረስ ሲሳሳቁ ነበር።

«አሽትቼዋለሁ፣ ይልማ። አንድ በአንድ። ሁሉም ሕያው ነበር።»

እትዬ ስሜነሽ ዳኑ። ሙሴነቱን ለሌላ ሰው አስረከቡ፤ ምክንያቱን አልተናገሩም፤ የሚጠይቅም አልነበረም። እትዬ ፋናዬ ግን ወደ ሥራቸው ቢመለሱም እንደ ቀድሞው አልሆኑም። ካዚኖው የሚገዛው ተመርምሮ የመጣውን እንደሆነ አለቃቸው ደጋግሞ ነግሯቸዋል። ያውቃሉ። ቢሆንም አንድ ቀን ቡፌው ጎራ ብዬ ሺፍት ላይ ሳሉ አየኋቸው፤ አንድ ዛጎል አፍንጫቸው ሥር ይዘው ቆመዋል፣ ሰልፉ እየረዘመ ነው፣ እሳቸው አያስቀምጡትም፣ አይጥሉትም። ከፊት የቆመች ቱሪስት ሳህኗን እንደዘረጋች ትጠብቃለች። ፊታቸው ላይ ያየሁት ፍርሃት ያን ቀን አልጋው ላይ ካየሁት አይለይም።

ባለፈው ሳምንት አውቶቡሱ አመለጣቸውና ወደ ሥራ አደረስኳቸው። ከሠራተኞች መግቢያ ፊት ቆምን። ሰዓታቸው ገና ስለነበር ወዲያው አልወረዱም።

«ስሜነሽ ትናንት ደወለችልኝ» አሉ። «‹ባትናገሪ ኖሮ ተዝካሬን ነበር የምታወጪው› አለችኝ። መረቀችኝ።»

ደስ ያላቸው አይመስሉም። መስኮቱን ነው የሚያዩት።

ያን ቀን እኔ ጎንበስ ብዬ ስጠይቃቸው የሚያዩት እትዬ ስሜነሽን ነበር። የእትዬ ስሜነሽ እጆች ነጠላው ውስጥ ነበሩ። ጠርሙሱ ከመውደቁ በፊት ምን ያህል ጊዜ አይተዋቸው ይሆን? የጓደኛቸው እጆች አልታዘዝ ማለት ሲጀምሩ አይተው፣ መመረዛቸውን አውቀው፣ ምስጢራቸው እንዳይወጣ ዓይናቸውን ጨፍነው ይሆን? ይህ ጥያቄ ከዚያ ቀን ጀምሮ አላስተኛኝም። ሬዲዮውን አጠፋሁ።

«እትዬ ፋናዬ…»

«ሺፍቴ ደረሰ፣ የእኔ ልጅ» አሉና በሩን ከፈቱ። ሙቀቱ ገባ። ባጃቸውን አንገታቸው ላይ እያስተካከሉ፣ ዞር ሳይሉ፣ ፈጠን ብለው ሄዱ።