የሁለተኛ ቅብ ማዲያት

ባሌ ቀለም ቀቢ ነው፤ ሰፈሩ ደግሞ «ሁለተኛ ቅብ» ይለዋል። ስሙን ያወጣለት የገዛ አፉ ነው። የቤት ባለቤት መጥቶ ግድግዳው ዥንጉርጉር ሆነብኝ ብሎ ሲነጫነጭ፣ እሱ መሰላሉ ላይ እንደቆመ «ሁለተኛ ቅብ ሲደርቅ ያዩታል» ከማለት ሌላ መልስ የለውም። የሠራው ሾርባ ጨው አነሰው ስለው እንኳ መልሱ ይኸው ነው። እናቴ መጀመሪያ ያየችው ቀን፣ ይሄ ልጅ እንዲህ ዝም እንዳለ ነው የሚኖረው ብትለኝ፣ እኔም ሁለተኛ ቅብ ሲደርቅ ታዪዋለሽ አልኳት። ይኸው እስከ ዛሬ አልደረቀም።

ዝምተኛ ይሁን እንጂ ሥራውን የሚወድ ሰው ነው። አንዴ ያየውን ቀለም አይረሳም፤ የጎረቤት በር ወሬ ሲነሳ ቀለሙ ውስጥ ምን ያህል ቢጫ እንደገባበት ከተቀመጠበት ሳይነሳ ይነግራችኋል። ከሥራው ሌላ የሚወደው ሚጣን ነው። ሚጣ የምንላት አራተኛ ክፍል የምትማረውን ልጃችንን ነው። ሥራ ሲጨርስ ቀለም የተረጨበትን ሱሪውን እንኳ ሳይለውጥ ትምህርት ቤቱ በር ላይ ይቆማል፤ እሷ ደግሞ ከሩቅ ስታየው እየሮጠች መጥታ ቦርሳዋን ታሸክመዋለች። ለሱ ከቀኑ ሁሉ የምትበልጠው ያቺ ሰዓት ነበረች።

ታዲያ ባለፈው በጋ የአንድ ትልቅ መጋዘን የውጭ ግድግዳ ነጭ ሲቀባ ከረመና፣ ሁለት ጉንጮቹ፣ ግንባሩና የላይኛው ከንፈሩ ላይ ቡናማ ነገር ወጣበት። እኔ ቀለም መስሎኝ በእርጥብ ፎጣ ይዤ ፈተግኩት። ተይ እንጂ ሴትዮ፣ ቆዳዬን ልትገፊው ነው አለኝ። ለካ ማዲያት ነው። ሚጣን ሳረግዝ እኔ ላይ ያልወጣ ማዲያት እሱ ላይ ሲወጣ፣ ውሸት ምን ያደርጋል፣ ሳቅሁ።

የሳቅሁት እኔ ብቻ ብሆን ምን ነበረበት። ሰፈራችን ውስጥ ማዲያት ማለት እርጉዝ ሴት ላይ የሚወጣ ነገር ነው፤ አለቀ። ፀጉር አስተካካዩ ስንተኛ ወርህ ነው አለው። ባለሱቁ ቆመህ አትድከም ብሎ ወንበር አቀረበለት። ከሁሉ የባሰው የትምህርት ቤቱ ዘበኛ ነው፤ ልጆቹ እስኪወጡ ጠብቆ በዚያ ጥሩምባ በሚያስንቅ ድምፁ መቼ ነው የምትገላገለው ይለዋል። ባሌ ግን፣ መንታ ነው አሉኝ እያለ አብሮ ይስቃል። እኔ ብሆን በመሰላሉ ነበር የምለው።

ቀልዱ የተበላሸው አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ነው። አባትና ልጅ ገቡ፤ ቦርሳዋን ራሷ ተሸክማለች። ገና ጫማዋን ሳታወልቅ ተናገረችው።

«አባዬ፣ ከነገ ጀምሮ አንተ አትምጣ። እማዬ ትምጣ።»

ለምን ሲላት መሬት መሬት እያየች፣ ልጆቹ አባትሽ አርግዟል እያሉ እንደሚስቁባት ነገረችው። ባሌ ሁለተኛ ቅብ ሲደርቅ ይታያል አላለም። እሺ አለና የሚቀባበትን ሮለር ሊያጥብ ወጣ። ሮለሩ ግን ታጥቦ ነበር፤ በመስኮት ሳየው ንጹሁን ሮለር እንደገና ያጥባል።

ዓመቱ ሲያልቅ የወላጆች ቀን የሚባል አለ። የልጆቹ ሥዕል ክፍሉ ውስጥ ይሰቀልና እያንዳንዱ ልጅ ወላጁን እጁን ይዞ ያስጎበኛል። ባሌ አንድም ዓመት ቀርቶበት አያውቅም። እስከዚያ ቀን ይሄን ነገር ከፊቴ አጠፋዋለሁ፣ ካልጠፋ ግን አልሄድም፣ ልጄን ሰው ፊት አላሳፍርም አለኝ። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ ብለምነው ብቆጣው አልሰማኝም።

እና ይሄ ሰው ምን አደረገ? ፊቱን እንደ ግድግዳ ያዘው። መጀመሪያ መፋቅ፣ ከዚያ ማለስለስ፣ ከዚያ መቀባት። ተረከዝ በምፈትግበት ድንጋይ ጉንጩን ፈተገ፤ የብርጭቆ ወረቀት አላነሳም ብዬም አልምልለትም። ሎሚ ሞከረ። በመጨረሻ ሰፈራችን ካለች ቅባት ነጋዴ አንድ ብልቃጥ ይዞ መጣ። ብልቃጡ ላይ ምን እንዳለበት የሚናገር አንዲት ፊደል የለም፣ ክዳኑ ላይ የምትስቅ ሴት ብቻ ተለጥፋለች። ነጋዴዋ ራሷ እየበጠበጠች ነው የምትሸጠው። መጀመሪያ ላይ እውነትም ፈካ፤ መስታወት ፊት እየተገላበጠ ሁለተኛ ቅብ ነው የቀረው ይለኝ ጀመር። ብዙም አልቆየ፣ ፊቱ ቀላ፣ ሳሳ፣ ሽፍ አለበት፣ ላብ ሲነካው እንኳ ያቃጥለዋል። ሲተወው ደግሞ ማዲያቱ ከበፊቱ ጠቁሮ ተመለሰ። ከድጡ ወደ ማጡ ይሏል ይሄ ነው። ከዚያ ወዲህ ቆቡን እስከ ቅንድቡ እየደፋ የቤት ውስጥ ሥራ ብቻ መቀበል ጀመረ። ሚጣ አታየኝም ባለ ቁጥር የምታየው እሱን ነበር፤ አንድ ቀን ሳንጠይቃት እርጥብ ጨርቅ አምጥታ ጉንጩ ላይ አስቀመጠችለትና ወጣች።

ያ የቤት ውስጥ ሥራ ነው ያዳነው። አንዲት የቆዳ ሐኪም የምርመራ ክፍሏን እንዲቀባላት ጠራችው። ከወንበሯ ጀርባ፣ ጣሪያው ሥር፣ ትልቅ ቡናማ እድፍ አለ፤ በየጊዜው ታስቀባዋለች፣ በየጊዜው ይመለሳል። ወፈር አድርገው ይድፈኑልኝ ብላ ልትወጣ ስትል፣ ዝምተኛው ባሌ በግድግዳ ነገር መጡበትና አፉ ተከፈተ። ዶክተር፣ ይሄ ቀለም አይደለም የሚፈልገው፣ ከላይ ቧንቧ ያፈሳል፤ ውሃው ሳይቆም ቢቀቡት ይመለሳል፣ በፋቁት ቁጥር ደግሞ ልስኑ ይሳሳል አላት። ሐኪሟ እስኪጨርስ ሰማችው። ከዚያ ቆብዎን ያውልቁ እስቲ አለችው። አወለቀ።

«ለኔ ግድግዳ እንዲህ ያሰቡ ሰው፣ የራስዎን ፊት እንዲህ ይፍቁታል?»

ይሄን ሲነግረኝ ከሳቁ የተነሳ ወሬውን መጨረስ አቅቶት ነበር። አስቀምጣ አስረዳችው። ማዲያት ቆሻሻ አይደለም፣ የጉበት በሽታም አይደለም፤ ለቆዳችን ቀለም የሚሠራው ክፍል ከልክ በላይ ሲሠራ የሚመጣ ነው። እርግዝና ይቀሰቅሰዋል፣ ፀሐይና ሙቀት ይቀሰቅሱታል፣ በዘርም ይመጣል፤ ያኔ ነው እናቱም እንደነበረባት ትዝ ያለው። ከሴቶች ያነሰ ይሁን እንጂ ወንድም ላይ ይወጣል። እኔ እኮ ቆብ አደርጋለሁ ቢላት፣ ቆቡ ከላይ የሚመጣውን ይመልሳል፣ አዲስ የቀቡት ነጭ ግድግዳ ግን ፀሐዩን መልሶ ፊትዎ ላይ ይደፋዋል አለችው። አልሸሹም ዞር አሉ! ያንን ስም የለሽ ቅባት አስጣለችውና ቆዳው እስኪያገግም አሳረፈችው። ከዚያ ማታ ማታ ለተወሰነ ጊዜ ብቻ፣ ያውም እሷ እያየችው የሚቀባውን ማደብዘዣ አዘዘችለት። ዋናው መድኃኒት ግን ጠዋት ጠዋት የሚቀባው፣ ቀትር ላይም የሚደገመው፣ ቀለም ያለው የፀሐይ መከላከያ ነው። ለወላጆች ቀን ይጠፋልኛል ወይ ቢላት፣ ይደበዝዛል እንጂ ይጠፋል ብዬ ቃል አልገባም፣ ፀሐዩን ከረሱትም ይመለሳል አለችው። እሱም አኩርፎ መጣ።

የፀሐይ መከላከያውን ጣቱ ላይ አውጥቶ አየና ቢጫ ያንሰዋል ብሎ አልቀባም አለ። ሁለተኛው ምክንያቱ ደግሞ፣ ወንድ ልጅ ፊቱን ተቀብቶ መሰላል አይወጣም የሚል ነበር። ዕድሜ ልክህን ስትቀባ ኖረህ አሁን መቀባት አፈርክ ወይ አልኩት። ስንጨቃጨቅ ሚጣ ከመሃላችን ገብታ ቅባቱን ከእጁ ወሰደችው።

«ና አባዬ፣ ቁጭ በል። እኔ እቀባሃለሁ።»

በአፉ የተደፋ የቀለም ባልዲ ላይ ቁጭ አለ። ከዚያን ቀን ጀምሮ በየጠዋቱ፣ ዩኒፎርሟን ለብሳ፣ እንደ ባለሙያ ከግንባሩ ወደ ታች ትቀባዋለች። ጥግ ጥጉን አትዘልም፣ ሲንቀሳቀስባት ትቆጣዋለች። ለማዲያቶቹም ስም አወጣችላቸው፤ የቀኝ ጉንጩ ዶሮዋ፣ የግራው ጫማው፣ ከንፈሩ ላይ ያለው ትንሹ ፂም። ሐኪሟ ከምትለው ይልቅ እኔ የማምነው የሚጣን ወሬ ነበር። አንድ ቀን የዶሮዋ ጭራ ሳሳ ትላለች፣ ሌላ ቀን የጫማው ተረከዝ ጠፋ ትላለች። ትምህርት ቤት ልምጣ ወይ ብሎ ግን አይጠይቃትም፤ እሷም ና አትለውም። እኔ መሃል ቆሜ ተቃጠልኩ።

የወላጆች ቀን ደረሰ። ዶሮዋም ጫማውም ነገሬ ብሎ ላላያቸው የሉም። ባሌ ባልዲው ላይ ተቀምጦ እየተቀባ፣ ዓይኑን ጨፍኖ፣ ዛሬ ልምጣ ወይስ እማዬ ብቻ ትምጣ አላት።

«አንተማ መምጣት አለብህ። የሣልኩት አንተን ነው።»

ከዚያ በኋላ ሸሚዝ ሲቀያይር ሊያረፍደን ነበር። በሩ ላይ ዘበኛው ቀና ብሎ ፊቱን አየ፣ ማዲያቱን ፈልጎ አጣውና አሳለፈን። ክፍሉ ውስጥ የሚጣን ሥዕል ሳየው ክው አልኩ። አባቷ ነው፤ ግን የድሮው አባቷ። ዶሮዋ ከነጭራዋ፣ ጫማው ከነተረከዙ፣ አንዲት ነገር አልቀረችም። ያን ሁሉ ወር የታገለው ነገር ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ይጠብቀዋል። እሱ ጠጋ ብሎ ቡናማውን ብቻ አየ፣ ቅልቅሉ ምንም አልጎደለውም፤ ይሄን ቀለም እንዴት አገኘሽው አላት። ቀይና ቢጫ፣ ከዚያ ትንሽ ጥቁር፣ ብዙ ጊዜ ተበላሸብኝ አለችው።

ይሄኔ አንድ የክፍሏ ልጅ መጥቶ ሥዕሉንና ባሌን እያፈራረቀ አየና፣ ይሄ ያንቺ አባት አይደለም፣ አይመሳሰሉም አላት። ሌሎቹም ሳቁ። ሚጣም፣ እሱ ነው፣ ያኔ ማዲያት ነበረው፣ እኔ ነኝ የማውቀው አለች፤ ዓይኗ እንባ አቀረረ። ባሌ ዙሪያውን ቃኘ። ልጆቹ የሚሥሉበት የውሃ ቀለም ጠረጴዛው ላይ አለ። ጣቱን ቡናማው ውስጥ ነከረና ቀኝ ጉንጩ ላይ ዶሮ መሣል ጀመረ። ሐኪሟ ብታየው ነፍሷ ትወጣ ነበር።

«ጭራዋ ወዴት ነበር የሚዞረው?» አላት።

ሚጣ አፍንጫዋን በእጅጌዋ ጠራርጋ ጣቷን ነከረችና የዶሮዋን ጭራ አዞረችለት፣ ግራ ጉንጩ ላይም ጫማውን ከነተረከዙ ሠራችለት። ሥዕሉ አጠገብ ሲቆም ያ ልጅ አየውና፣ አዎ፣ እሱ ነው አለ። ከዚያ ሚጣ አባቷን እጁን ይዛ የክፍሉን ግድግዳ በሙሉ አዞረችው። እኔ ከኋላ ተከተልኳቸው።

ስንወጣ ቦርሳዋን የተሸከመው እሱ ነው። ዘበኛው ያንን ቡናማ ጉንጭ ሲያይ ፊቱ በራ፤ እንደልማዱ በጥሩምባ ድምፁ፣ ሁለተኛ ቅብ፣ አንተ አሁንም አልተገላገልክም ወይ አለው። ልጆች ዞር አሉ። እኔ አፌን ከመክፈቴ በፊት ሚጣ የአባቷን እጅ እንደያዘች ቆመች።

«ወልዶ ጨርሷል እኮ» አለችው። «እኔን።»

ዘበኛው በሩን እስከ መጨረሻው ከፈተልን።