የነካኋት ንግሥት

ይህን ለንስሐ አባቴ እንኳ ነግሬ አላውቅም። ሌላውን ኃጢአቴን ሁሉ ተናዝዣለሁ፤ እዚህ ላይ ስደርስ ግን «ሌላ የለኝም አባ» ብዬ መስቀል ተሳልሜ እወጣለሁ። እንግዲህ እናንተ ስሙኝ። ነክቻለሁ። ንግሥቷን በዚህ እጄ ነክቻታለሁ፤ ከዚያም ሰው በተሞላ አዳራሽ «አልነካሁም» ብያለሁ።

ከደብረ ብርሃን ቦንጋ የተመደብኩት የፊዚክስ መምህር ሆኜ ነው። የቦንጋ ዝናብ ከጀመረ ሰው ከቤት አያስወጣም፤ ከሥራ በኋላ ጊዜያችንን የምናሳልፈው በመምህራን ክበብ ነበር። ሻንጣዬ ውስጥ ይዤው የመጣሁትን ቼዝ እዚያ ዘረጋሁት። ለመጣው ሁሉ አጨዋወቱን አሳያለሁ፤ ከአሮጌ መጽሔት ያነበብኩትን የቼዝን ከፍተኛ ማዕረግ የያዙትን የግራንድ ማስተሮች ታሪክም አወራለሁ። ጢሙ ሳያቀመቅም ማዕረጉን ስላገኘው፣ ዓይኑን ታስሮ ከብዙ ሰው ጋር በአንድ ጊዜ ስለሚጫወተው፣ ታሞ አልጋ ላይ ሆኖ የጨዋታ ስልት ስለፈለሰፈው። ስለ እነሱ ሳወራ ስለ ራሴ የማወራ ይመስለኝ ነበር። በአገራችን የመጀመሪያው ግራንድ ማስተር እኔ እንደምሆን አልጠራጠርም ነበር።

አስቴር የሒሳብ መምህርት ናት፤ እዚያው አካባቢ፣ የሺሺንዳ ልጅ። አንድ ቀን ወሬዬን አቋረጠችኝ።

«ከእነዚህ ሁሉ ውስጥ ሴት የለችም?»

«አለች እንጂ። ወንዶቹን እያሸነፈች የወንዶቹን ማዕረግ የወሰደች አለች።»

«እንግዲያው አስተምረኝ» አለች።

አስተማርኳት። ብዙም ሳይቆይ ታሸንፈኝ ጀመር። ሰው ፊት «ጎበዝ! የእኔ ተማሪ እኮ ናት» እያልኩ እስቃለሁ፤ ቤቴ ስገባ ግን ራት አይበላልኝም።

የዞኑ ሠራተኞች የስፖርት ውድድር ሲመጣ ቼዝም ተካተተ። አሸናፊው አዋሳ ሄዶ ለክልሉ ቡድን ይወዳደራል። የመጨረሻው ጨዋታ የእኔና የአስቴር ሆነ። አዳራሹ ጢም ብሎ ሞልቷል፤ ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል። ጨዋታው እጄ ላይ እንደነበር አስታውሳለሁ። ከዚያ ቸኮልኩ። ንግሥቷን ያዝኩና ከቦታዋ ሳላነሳት፣ ባንቀሳቅሳት እንደምሸነፍ አየሁ። እጄን መለስኩ። በእሷ ፈንታ ግንቡን አንቀሳቀስኩ።

«ንግሥቷን ነክተሃል» አለች አስቴር ቀስ ብላ። «የነካኸውን ነው የምትጫወተው። አንተ ነህ ያስተማርከኝ።»

ዳኛው ጋሽ ታደሰ በዚያች ቅጽበት በር ላይ የሚንጫጫውን ሰው ዝም ሊያሰኙ ዘወር ብለው ነበር። ወደ እኔ ቀረቡ።

«ነክተሃል ወይ?»

«አልነካሁም።»

«እርግጠኛ ነህ?»

«ጋሽ ታደሰ፣ እኔ ለእንጨት ብዬ እዋሻለሁ?»

ይህን ያልኩት እኔ ነኝ። ማንም አላስገደደኝም፣ አልሰከርኩም፣ አልታመምኩም። ሰዉ ሳቀ። ከኋላ አንዱ «ሴት መሸነፍ አትወድም!» አለ፤ ይበልጥ ሳቁ። አስቴር ተነሳች። «ውሸታም ነህ!» ብላኝ ጨዋታውን ጥላ ወጣች። አሸናፊ ተባልኩ።

በዚህ ቢያበቃ ኖሮ ምናልባት ልጅነት ነው ብዬ ራሴን እሸነግል ነበር። ነገሩ ግን ወደ ትምህርት ቤቱ ግምገማ ገባ። የሥራ ባልደረባዋን በአደባባይ ሰድባለች ተባለ። አንዱ ተነስቶ «ከሌላ ክልል የመጣን ሰው እንዲህ ማዋረድ ጠባብነት ነው» አለ። በዚያ ዘመን ይህ ቃል ሰው ላይ ከተለጠፈ ምን እንደሚያመጣ ሁላችንም እናውቃለን። እኔ ሦስተኛው ወንበር ላይ ተቀምጬ ነበር። «ነክቻለሁ፣ እሷ ልክ ናት» ብል እዚያው ያልቅ ነበር። ለምን አላልኩም? አዋሳ ስለታየኝ ነው። ሌላ ምክንያት ፈልጌ አላገኘሁም።

አባቷ አቶ አዴሎ በቤተ ክርስቲያናቸው ሽማግሌ ናቸው። ወሬው ሲደርሳቸው ከሺሺንዳ ተነስተው መጡ። «ዳኛ ፈርዶ፣ ሰው ሁሉ ሰምቶ፣ አንቺ ብቻ ነሽ ያየሽው? የእኔ ልጅ አትዋሽም እል ነበር» አሏት፤ በሰው ፊት ነው። ከዚያ በኋላ አስቴር አልተከራከረችም። በቀጣዩ ግምገማ ቆማ ግለ ሂስ አደረገች። ወደ እኔ ዞራም፣ «በሐሰት ስለከሰስኩህ ይቅርታ አድርግልኝ» አለችኝ።

«ምንም አይደለም፣ እህቴ» አልኳት።

አጨበጨቡልኝ። ይቅር ባይ ሰው ነው ተባልኩ። ንግሥቷን መንካቴ የእጅ ስህተት ነው፤ ይህን ይቅርታ መቀበሌ ግን ምን ይባላል? አስቴር ከዚያ ቀን ወዲህ ቼዝ አልነካችም።

እኔ አዋሳ ሄድኩ፤ ቀናኝ። ወደ አዲስ አበባ ተዛወርኩ፣ ለብሔራዊ ቡድን ተመረጥኩ። ውጭ አገር በተደረገ ውድድርም ከእውነተኛ ግራንድ ማስተር ጋር ደረሰኝና አቻ ወጣሁ። አገር ቤት ስመለስ ጋዜጣ ላይ ወጣሁ። ያላወራሁት ይኸውላችሁ። ሰውዬው እየበለጠኝ ነበር። ውሃ ልጠጣ ሄጄ ስመለስ ፈረሱን የማይሆን ቦታ አስቀምጦታል። ካለቀ በኋላ ለምን እንደሆነ ጠየቅኩት።

«ሌላ ላንቀሳቅስ ስል እጄ ፈረሱን ያዘ» አለኝ።

«እኔ እኮ አልነበርኩም። ማንም አላየህም።»

ጥያቄዬ አልገባውም። «እኔ ነበርኩ» አለ።

የእኔ ትልቁ ስኬት ይህ ነው። በሌላ ሰው እውነተኛነት ያገኘሁት አቻ።

ከዚያ በኋላ እንኳ ቦንጋ ለመመለስ ዓመታት ፈጀብኝ። ትናንት መጣሁ። አስቴር አሁንም ታስተምራለች። በትምህርት ቤቱ በር ጠብቄ ነገርኳት። ሳትቆጣ ሰማችኝ።

«ለእኔ ምን ትነግረኛለህ? እኔ አይቼሃለሁ» አለች። «አባቴ በሕይወት አለ። ለእሱ ንገረው።»

ሚኒባስ ይዘን ሺሺንዳ ወረድን። አቶ አዴሎ አርጅተዋል፤ ዓይናቸው ደክሟል፣ ጆሯቸው ግን ይሰማል። ፊታቸው ቆሜ ሁሉንም ተናገርኩ። «ልጅዎ አልዋሸችም። የዋሸሁት እኔ ነኝ።» ከዚያ እኔን ትተው፣ በእጃቸው እየዳበሱ የልጃቸውን እጅ ፈለጉና በቋንቋቸው በካፊኖኖ አናገሯት። አስቴር ተንሰቅስቃ አለቀሰች።

«ምን አሉ?» አልኳት ስንወጣ።

«ይቅር በይኝ ነው ያለው። እኔን።»

እንድታዝኑልኝ አይደለም የጻፍኩት። አስቴር ይቅር አላለችኝም፤ እኔም አልለመንኳትም። ወጣት ነበርኩ፣ ዘመኑ ነው፣ ሰዉ ነው የገፋፋኝ አልልም። ይህን የምጽፈው ቦንጋ፣ ሆቴል ውስጥ ሆኜ ነው። የትምህርት ቤቱ ዳይሬክተር መምጣቴን ሰምቶ፣ ነገ መምህራኑን ሰብስቦ «ስለ ስኬትህ ንገረን» ብሎኛል። አስቴርም ትገኛለች።

እነግራቸዋለሁ።